የዜማ ርስት
ስለ ጀርመን አገር የዜማ ደራሲዎችና ስለ ቤተ ሰቦቻቸው

እኛ በፍርድ ቤት የጽሕፈት ሥራ የምናገለግል ሰዎች፥ ሰው ከሞተ በኋላ ቤቱ ሲቈጠር ማየት ልማዳችን ነው። ላሙና በሬው፥ የቤቱ ክዳን ቆርቆሮ፥ አልጋውና ሣጥኑ፥ ብረት ድስቱ ሳይቀር በተራ ቍጥር ይጻፋል፤ ዋጋውም በጎኑ ይሰፍራል። ወራሾቹ ይፈርማሉ፥ ማኅተም ይመታል፥ መዝገቡም ይዘጋል። ሟቹ በሕይወቱ ሳለ ያዜመው የነበረው ዜማ፥ ከአባቱ ተምሮ ለልጁ ያላስተማረው ዘፈን ግን በዝርዝሩ ውስጥ ገብቶ አይተን አናውቅም። ዳኛ አይጠይቀውም፥ ወራሽም አይከራከርበትም።

ይህን ነገር ያነሣነው ያለ ምክንያት አይደለም። ለመንግሥት ሥራ ወደ ጋምቤላ ከተማ ከመጡት ሹማምንት፥ እንዲሁም የአገሩ ተወላጆች ከሆኑት የተከበሩ ሰዎች መካከል፥ ልጆቻቸው «ሙዚቃ ልማር» ብለው ያስቸገሯቸው ወላጆች አሉ። አባትየው «ልጄ አዝማሪ ሊሆንብኝ ነውን?» ይላል፤ እናቲቱ ደግሞ «ሴት ልጅ ከሙዚቃ ምን ታገኛለች?» ትላለች። ሁለቱም ጥያቄ የሚናቅ አይደለም። ነገር ግን ሁለቱም ከእኛ በፊት በጀርመን አገር ተጠይቀው፥ መልሳቸው በፍርድ ቤትና በውርስ መዝገብ ሳይቀር ተጽፎ ይገኛል። ስለዚህ በዛሬው ጽሑፋችን የእነዚያን ታላላቅ የዜማ ደራሲዎች ነገር ከቤታቸውና ከመዝገባቸው በኩል ለክቡራን አንባቢዎቻችን ለማቅረብ አሰብን። የዓመቱ ቍጥር ሁሉ እንደ ኤውሮፓውያን አቈጣጠር ነው።

በመጀመሪያ እነዚህ ሰዎች በዓለም የሙዚቃ ታሪክ ውስጥ ምን ስፍራ እንዳላቸው በአጭሩ እንናገር። ዮሐን ሰባስትያን ባኽ ከተወለደበት ከ1685 ዓመት ጀምሮ ዮሐንስ ብራምስ እስከ ሞተበት እስከ 1897 ዓመት ድረስ፥ ጀርመንኛ ከሚናገሩ አገሮች ባኽ፥ ሄንደል፥ ሐይድን፥ ሞዛርት፥ ቤትሆቨን፥ ሹበርት፥ ሜንደልስዞን፥ ሹማን፥ ቫግነርና ብራምስ ተነሡ። ከእነርሱም ሐይድን፥ ሞዛርትና ሹበርት ዛሬ ኦስትሪያ የምንለው አገር ሰዎች ናቸው፤ በቋንቋና በትምህርት ግን አንድ ስለ ሆኑ አብረን ቈጠርናቸው። በእኛ ቤተ ክርስቲያን ሊቃውንቱ ሁሉ አንዱን ዜማ በአንድነት ያዜማሉ። በኤውሮፓ ግን አንዱ ድምፅ በላይ ሲሄድ ሌላው በታች የራሱን መንገድ ይዞ እንዲሄድ፥ ሁለቱም ሳይጋጩ እንዲገናኙ የማድረግ ጥበብ ከብዙ ዘመን ጀምሮ ተስፋፍቶ ነበር። (ይህ ጥበብ የኤውሮፓ ብቻ ነው የሚል ሰው ቢኖር፥ ወደ ጋሞ ደጋ ሄዶ ዶርዜዎች ሲዘፍኑ ይስማ።) ባኽ ይህን ጥበብ እስከ መጨረሻው ከፍታ አደረሰው። ሐይድን ሲምፎኒ ለተባለው ለብዙ መሣሪያ ድርሰት፥ እንዲሁም አራት ሰዎች በአውታር መሣሪያ ለሚጫወቱት ድርሰት መልክና ሥርዓት ሰጠ። ሞዛርት በዚያው መልክ የሰውን ልብ ሁሉ አናገረበት። ቤትሆቨንም ሥርዓቱን አሰፋው፥ አረዘመው፥ በመጨረሻም በ1824 ዓመት በተሰማው በዘጠነኛው ሲምፎኒው ላይ መዘምራንን ጨመረበት። በሚሲዮን ትምህርት ቤት የተማረ ሰው ሁሉ ከዚያ ሲምፎኒ የተወሰደውን ዜማ ማን እንደ ደረሰው ሳያውቅ በመዝሙር መጽሐፍ ውስጥ ዘምሮታል፤ እኛም ከእነዚያ መካከል ነን።

ይህ ስፍራቸው ግን በተሰጥዎ ብቻ የተገኘ አይደለም። ወረቀታቸውን የጠበቀላቸው ሰው ባይኖር ኖሮ ስማቸው እንኳ ባልተነሣ ነበር። ከሁሉ ይልቅ ይህን የሚያስረዳን የባኽ ቤት ነው።

ባኽ በዐሥር ዓመቱ እናትና አባቱ ሞተውበት ታላቅ ወንድሙ ዘንድ አደገ። ወንድሙ የኦርጋን መቺ ሲሆን፥ የታወቁ ሊቃውንት ድርሰቶች የተጻፉበት አንድ መጽሐፍ ነበረው፤ ሕፃኑ ግን እንዳይነካው ተከልክሎ ነበር። መጽሐፉ በሽቦ በተዘጋ ቁም ሣጥን ውስጥ ስለ ነበረ ልጁ ትንሽ እጁን በቀዳዳው አስገብቶ እየጠቀለለ ያወጣው ጀመር፤ መብራትም ስላልነበረው በጨረቃ ብርሃን ስድስት ወር ሙሉ ገለበጠው። በመጨረሻ ወንድሙ ደረሰበትና ቅጂውን ነጠቀው። ይህን ታሪክ የጻፈው ልጁ ካርል ፊሊፕ ኤማኑኤል ባኽ አባቱ ከሞተ በኋላ በታተመው የሕይወት ታሪክ ውስጥ ነው። ከአንባቢዎቻችን መካከል በቆሎ ተማሪነት ዘመኑ ድጓ በጭላንጭል የገለበጠ ሰው ይህን ሲሰማ እንደማይደነቅ እናውቃለን።

ባኽ ካደገ በኋላ የመስፍን አገልጋይ ሆነ። በዚያ ዘመን የዜማ ደራሲ ማለት ከወጥ ቤቱና ከባልደራሱ ጋር በአንድ የደመወዝ መዝገብ የሚጻፍ ሰው ነበር፤ ታላቁ ሐይድን እንኳ በኤስተርሃዚ መሳፍንት ቤት የአገልጋይ የደንብ ልብስ ለብሶ ይሠራ ነበር። ስለዚህ «ልጄ አዝማሪ ሊሆንብኝ ነውን?» የሚለው አባት ፍርሃቱ በጀርመንም የታወቀ ነው። በ1717 ዓመት ባኽ በቫይማር ከተማ ለመስፍኑ ሲያገለግል ሌላ መስፍን የተሻለ ሹመት ስለ ሰጠው ስንብት ጠየቀ፤ መስፍኑ ግን እንቢ አለው። ባኽም አጥብቆ ስለ ተከራከረ ከኖቬምበር 6 ቀን እስከ ዲሴምበር 2 ቀን ድረስ ታሰረ፤ ከዚያም በቍጣ ተሰናበተ። ይህንንም የምናውቀው የመስፍኑ ቤት ጸሐፊ እስራቱንና ምክንያቱን በመዝገቡ ላይ ስላሰፈረው ነው። ጸሐፊው ሥራው ስለ ሆነ ጻፈ እንጂ ታሪክ እጽፋለሁ ብሎ አልጻፈም፤ የእርሱ ሁለት ወይም ሦስት መስመር ግን ከመስፍኑ አዋጅ ሁሉ ይልቅ ዛሬ ይነበባል።

የባኽ የመጀመሪያ ሚስት ማሪያ ባርባራ በ1720 ዓመት እርሱ በመንገድ ሳለ ሞተች፤ ተመልሶ ሲመጣ ተቀብራ አገኛት። በሚከተለው ዓመት አና ማግዳሌና የተባለች የመስፍን ቤት ዘማሪት አገባ። ከሁለቱ ሚስቶቹ ሃያ ልጆች ተወለዱለት፤ ለአካለ መጠን የደረሱት ግን ዐሥሩ ብቻ ነበሩ። ለአና ማግዳሌና የሰጣት በ1725 ዓመት የተጀመረ የዜማ ደብተር እስከ ዛሬ አለ። በውስጡም የባልዋ ድርሰት፥ የሌሎች ሰዎች ቀላል ጨዋታ፥ የልጆች ሙከራ ሳይቀር ተቀላቅሎ ይገኛል፤ በአንድ ቤት ውስጥ አባት፥ እናትና ልጆች በአንድ ደብተር ላይ ሲጽፉ የኖሩበት ነው። ዛሬ በዓለም ሁሉ ፒያኖ የሚጀምር ሕፃን ከዚያ ደብተር አንዱን ዜማ ሳይማር አያልፍም። አና ማግዳሌና የባልዋን ድርሰት እየገለበጠች ብዙ ዘመን ስለ ጻፈች፥ የእጅ ጽሕፈትዋ ከጊዜ በኋላ ከባልዋ ጽሕፈት ጋር እጅግ ተመሳሰለ፤ መርማሪዎችም ሁለቱን ለመለየት ብዙ ደክመዋል።

ባኽ ከ1723 ዓመት ጀምሮ በላይፕሲግ ከተማ የቅዱስ ቶማስ ትምህርት ቤት የዜማ መምህር ሁኖ ሲያገለግል ኖሮ በጁላይ 28 ቀን 1750 ሞተ። ኑዛዜ አልተወም። እንግዲህ እኛ የምናውቀው ሥራ ከዚህ ይጀምራል። የሟቹ ንብረት ተቈጠረ፤ ዝርዝሩም እስከ ዛሬ አለ። ሃርፕሲኮርዶቹ፥ ቫዮሊኖቹ፥ ብሩና ቆርቆሮው፥ ልብሱ፥ የሃይማኖት መጻሕፍቱ በየዋጋቸው ተጽፈዋል። ከንብረቱ አንዱ እጅ ለሚስቱ ሆነ፥ ሁለቱ እጅ በሕይወት ለነበሩት ለዘጠኙ ልጆች ተከፈለ። የዜማ ጽሑፎቹ ግን በዚያ ዝርዝር ውስጥ የሉም። ቤተ ሰቡ በመካከሉ አስቀድሞ ተከፋፍሎአቸው ነበር፤ ቈጣሪውም አልጠየቀም።

የእነዚያ ወረቀቶች ዕድል በየወራሹ ጠባይ ሆነ። ልጁ እንደ ጻፈው አባቱ ለአምስት ዓመት ሙሉ ለየሰንበቱና ለየበዓሉ የሚበቃ የቤተ ክርስቲያን ዜማ ደርሶ ነበር፤ ዛሬ የሚገኘው ሁለት መቶ ያህል ብቻ ነው። የበኵር ልጁ ቪልሄልም ፍሪደማን ከሁሉ ይልቅ ተሰጥዎ የነበረው ሰው ሲሆን ኑሮው ስላልተቃናለት የደረሰውን ድርሻ በየጊዜው ሸጠው፤ ብዙውም ጠፋ። ካርል ፊሊፕ ኤማኑኤል ግን ድርሻውን እንደ ዐይኑ ብሌን ጠብቆ እስኪሞት ድረስ አኖረ። እናቲቱስ? አና ማግዳሌና ከደረሳት ወረቀት ዋና ዋናውን ለቅዱስ ቶማስ ትምህርት ቤት ሰጠች፤ እርሱም እስከ ዛሬ በላይፕሲግ ይገኛል። እርስዋ ራስዋ ግን ሌላ ባል እንዳታገባ ተስማምታ ለትንንሾቹ ልጆችዋ ሞግዚት ሆነች፥ ኑሮዋም እየከፋ ሄደ፤ በ1760 ዓመት ስትሞት በመዝገብ ላይ የተጻፈችው በምጽዋት የምትኖር ሴት ተብላ ነው። የታላላቆቹ ልጆች ስም በኤውሮፓ ሁሉ ሲጠራ የእንጀራ እናታቸው እንዲህ ሁና መሞትዋ ለእኛ ለማመን የሚከብድ ነው። ወረቀቱን በደኅና እጅ ያኖረች እርስዋ ነበረች፤ ከውርሱም ያነሰ የተጠቀመች እርስዋ ነበረች።

የመጨረሻይቱ ልጅ ሬጊና ሱዛና እስከ 1809 ዓመት ኖረች። ድኽነትዋ እንደ በዛ በ1800 ዓመት በላይፕሲግ በሚታተም የሙዚቃ ጋዜጣ ላይ ለሕዝብ ተገልጦ፥ ከየአገሩ እርዳታ መጣላት። በቪየና ይኖር የነበረው ቤትሆቨንም የእርስዋን መቸገር በሰማ ጊዜ ለእርስዋ መርጃ እንዲሆን አንድ ድርሰቱን ለማሳተም ፈቃደኛ መሆኑን ለአሳታሚው ጻፈ። ቤትሆቨን ባኽን የሚያውቀው በመልክ አይደለም፤ ባኽ ሲሞት እርሱ አልተወለደም። ነገር ግን በልጅነቱ በቦን ከተማ መምህሩ የባኽን የፒያኖ ትምህርት መጽሐፍ አስጠንቶት ነበር። ያም መጽሐፍ እስከ 1801 ዓመት ድረስ በማተሚያ ቤት አልታተመም፤ ከእጅ ወደ እጅ እየተገለበጠ የሚሄድ ነበር።

ከዚያ በኋላ ደግሞ የአንዲት አያት ነገር አለ። ባኽ ታላቁን «የማቴዎስ ሕማማት» የተባለውን ድርሰት ከጻፈ አንድ መቶ ዓመት ያህል ሲያልፍ ሕዝብ ረስቶት ነበር። በበርሊን ከተማ ቤላ ሳሎሞን የተባሉ ሴት ወይዘሮ ይህን ድርሰት በእጅ አስገልብጠው ለልጅ ልጃቸው ለፌሊክስ ሜንደልስዞን በስጦታ ሰጡት። እርሱም በሃያ ዓመቱ፥ በማርች 11 ቀን 1829፥ በበርሊን በሕዝብ ፊት አሰማው። ከዚያ ቀን ጀምሮ የባኽ ስም ተነሣ፤ በ1850 ዓመትም ሥራውን ሁሉ ሰብስቦ የሚያሳትም ማኅበር ተቋቁሞ ሃምሳ ዓመት ያህል ደከመበት። ለልጅ ልጅ ስጦታ መስጠት የሚወዱ አያቶች በእኛም አገር ብዙ ናቸውና ይህን ሳናነሣ ማለፍ አልወደድንም።

የቤትሆቨንም ቤት ለፍርድ ቤት ሰው የማይረሳ ነው። አባቱ ዘማሪ ሲሆን መጠጥ አሸነፈው። በ1789 ዓመት ልጁ ገና ሃያ ዓመት ሳይሞላው ለቦን ገዥ ለመስፍኑ አቤቱታ ጽፎ፥ ከአባቱ ደመወዝ ግማሹ ለእርሱ እንዲከፈለውና ታናናሽ ወንድሞቹን እንዲያሳድግበት ጠየቀ፤ ተፈቀደለትም። የአባቱን ስም በአቤቱታ ላይ እንዲህ አድርጎ መጻፍ ለልጅ ምን ያህል መራራ እንደ ሆነ፥ እንዲህ ያለውን ወረቀት ከሰው እጅ የተቀበለ ጸሐፊ ሁሉ ያውቀዋል።

በ1815 ዓመት ደግሞ ወንድሙ ካስፓር ሞቶ የዘጠኝ ዓመት ልጅ ካርልን ተወ። ቤትሆቨን ከልጁ እናት ከዮሐና ጋር ስለ ሞግዚትነቱ አምስት ዓመት ያህል ተከራከረ። ክሱ የቀረበው በቪየና ለመኳንንት ብቻ በተለየው ችሎት ነበር፤ ምክንያቱም በስሙ መካከል ያለችው «ፋን» የምትለዋ ቃል ነበረች። በጀርመን አገር «ፎን» የመኳንንት ምልክት ነው፤ «ፋን» ግን የሆላንድ ቋንቋ ሲሆን ከዚህ ስፍራ የመጣ ማለት ብቻ ነው። አያቱ ከሜኸለን ከተማ የመጡ ስለ ሆኑ ቃሉን ይዘውት መጥተዋል። በዲሴምበር 1818 በችሎቱ ፊት የመኳንንት ዘር መሆኑን የሚያስረዳ ማስረጃ ቢጠየቅ አላገኘም፤ ነገሩም ለተራ ሕዝብ ወደሚፈርደው ወደ ከተማው ዳኞች ተላለፈ። በእኛ ፊደል ቢጻፍ ልዩነቱ በራብዕ ፋና በሳብዕ ፎ መካከል ነው፤ አንዲት ቅጥል ሰውን ከአንዱ ችሎት ወደ ሌላው አወረደችው። በ1820 ዓመት በይግባኝ ቢረታም፥ በእነዚያ ዓመታት ሥራው እጅግ ቀንሶ ነበር፤ ልጁም በአጎቱ ፍቅርና ቍጥጥር ተጨንቆ በ1826 ዓመት ራሱን በሽጉጥ መታ፥ በእግዚአብሔር ቸርነት ተረፈ። ዘጠነኛውን ሲምፎኒ የደረሰ ሰው ሕፃን ማሳደግ ግን አልተሳካለትም። በሕፃን ላይ የሚከራከሩ ዘመዶች በእኛም ችሎት በየጊዜው ይቆማሉና፥ ሁለቱም ወገን ልጁን ከልብ እየወደደ ልጁ እንዴት እንደሚጐዳ አይተናል።

ቤትሆቨን ጆሮው ደንቁሮ ስለ ነበረ ሰዎች ንግግራቸውን በደብተር ይጽፉለት ነበር፤ ከእነዚያ ደብተሮች ብዙዎቹ ዛሬ አሉ። ይሁን እንጂ ጸሐፊው የነበረው አንቶን ሺንድለር ጌታው ከሞተ በኋላ በደብተሮቹ ላይ ያልተነገረ ቃል እየጨመረ እንደ ጻፈ በ1977 ዓመት ተገልጧል። ለጸሐፊዎች ወገን የሚያኰራ ዜና አይደለም። የዜማ ወረቀቶቹ ደግሞ በኖቬምበር 1827 በጨረታ በርካሽ ዋጋ ተሸጡ።

አሁን ወደ እናቲቱ ጥያቄ እንመለስ። የሞዛርት እኅት ናነርል በልጅነትዋ ከወንድምዋ ጋር በነገሥታት ፊት ትጫወት ነበር፤ ለጋብቻ ስትደርስ ግን አባትዋ ከቤት አስቀራት። የፌሊክስ ሜንደልስዞን ታላቅ እኅት ፋኒም ከወንድምዋ የማታንስ ደራሲ ነበረች። አባትዋ ግን በ1820 ዓመት በጻፈላት ደብዳቤ፥ ሙዚቃ ለወንድምዋ ሥራው ሊሆን እንደሚችል፥ ለእርስዋ ግን ጌጥ ብቻ ሁኖ መኖር እንዳለበት ነገራት። ወንድምዋም ከዜማዎችዋ ስድስቱን በራሱ ስም አሳተመ። በ1842 ዓመት ፌሊክስ ወደ እንግሊዝ ንግሥት ቪክቶሪያ ቤተ መንግሥት በገባ ጊዜ ንግሥቲቱ ከእርሱ ድርሰቶች የምትወደውን መርጣ ዘፈነችለት፤ እርሱም ዜማው የእኅቱ የፋኒ መሆኑን መናዘዝ ግድ ሆነበት። ፋኒ በራስዋ ስም ማሳተም የጀመረችው በ1846 ዓመት ነው፤ በሚከተለው ዓመት በሜይ 14 ቀን ሞተች፥ ወንድምዋም ከስድስት ወር በኋላ ተከተላት። የእርስዋ የሆነ አንድ የፋሲካ ሶናታ በፌሊክስ ስም ሲጠራ ኖሮ፥ በ2010 ዓመት የእጅ ጽሕፈቱና የገጹ ቍጥር ተመርምሮ ለባለቤቱ ተመለሰ።

ክላራ ቪክ ግን ጠንካራ ሆነች። አባትዋ ታላቅ የፒያኖ መምህር ነበር፤ እርስዋንም ከሕፃንነትዋ ጀምሮ አሠልጥኖ በኤውሮፓ ስም አሰጣት። ሮበርት ሹማንን ላገባ ባለች ጊዜ ግን ከለከላት። በሳክሶኒ ሕግ የአባት ፈቃድ ያስፈልግ ስለ ነበረ ሁለቱ ወጣቶች በ1839 ዓመት ከሰሱት። አባትየው ሹማን ሰካራም ነው ብሎ ተከራከረ፥ ማስረዳት ግን አልቻለም፤ በኦገስት 1840 ፍርድ ቤቱ ፈቀደላቸው፥ በሴፕቴምበር 12 ቀንም ተጋቡ፤ ማግስቱ ሃያ አንድ ዓመት የምትሞላበት ቀን ነበር። አባትን በፍርድ ቤት መክሰስ መልካም ነው አንልም። ነገር ግን ሹማን በ1854 ዓመት አእምሮው ታውኮ በ1856 ዓመት በሞተ ጊዜ፥ ሰባት ልጆችን በፒያኖዋ ያሳደገች፥ የባልዋንም ድርሰት ሁሉ ሰብስባ ያሳተመች ይህችው ክላራ ናት። እናቲቱ «ሴት ልጅ ከሙዚቃ ምን ታገኛለች?» ብትል፥ ክላራ ሰባት ልጅ ያበላችበትን እንጀራ እናሳያታለን።

ይህ ሁሉ የሩቅ አገር ነገር ነው የሚል ቢኖር በቅርቡ ያለውን እንንገረው። ከንቲባ ገብሩ ደስታ በልጅነታቸው ጀርመንኛ ከሚናገሩ ሚሲዮናውያን ዘንድ የተማሩ ሰው ነበሩ። በ1923 ዓመት የተወለዱት ልጃቸው የውብዳር ገብሩ በስድስት ዓመታቸው ከእኅታቸው ከስንዱ ገብሩ ጋር ወደ ስዊስ አገር ለትምህርት ተልከው ቫዮሊን ተማሩ። በ1937 ዓመት ጠላት ከነቤተ ሰባቸው ወደ ኢጣልያ ወስዶ በአሲናራ ደሴት አሰራቸው። ከነፃነት በኋላ በካይሮ አሌክሳንደር ኮንቶሮቪች ከተባለው የቫዮሊን መምህር ዘንድ ቫዮሊንና ፒያኖ በቀን ዘጠኝ ሰዓት እየተለማመዱ ተማሩ። ወደ ለንደን ሄደው ትምህርታቸውን ለመፈጸም ዕድል አግኝተው ሳለ ሳይፈቀድላቸው ቀረ፤ ከኀዘንም የተነሣ ምግብ ትተው ለሞት እስኪቀርቡ ታመሙ። ከዚያ በኋላ ወደ ግሸን ማርያም ገብተው መነኰሱ፤ እማሆይ ጽጌ ማርያም ተባሉ፤ ዐሥር ዓመትም በዚያ ኖሩ።

የፋኒ ታሪክ በዚህ ዓይነት ያልቅ ነበር፤ የእማሆይ ግን አላለቀም። በኋላ ጊዜ በጎንደር የቅዱስ ያሬድን ዜማ ሲያጠኑ፥ በደጅ የሚያድሩትን የቆሎ ተማሪዎች አይተው አዘኑላቸው። በ1967 ዓመት የመጀመሪያው የፒያኖ ሸክላቸው በጀርመን አገር ታተመ፤ ገቢውንም ለችግረኞች ሰጡት። ያንን ሸክላ የሚሰማ ሰው የባኽንና የቤትሆቨንን አገር ትምህርት ያገኛል፥ የቅዱስ ያሬድንም ቤት ያገኛል፤ አንዱ ሌላውን አልዋጠውም። በኢየሩሳሌም ሲኖሩም በእርሳስ የጻፉአቸውን ብዙ ወረቀቶች በከረጢት አጠራቅመው ነበር። እነዚህን ለሁለት የእስራኤል ሙዚቀኞች ሰጡአቸው፤ በ2013 ዓመት ከመካከላቸው የተመረጡት በኖታ መጽሐፍ ታተሙ። እማሆይ በማርች 2023 በዘጠና ዘጠኝ ዓመታቸው ዐረፉ። ከአና ማግዳሌና የተሻለ ዕድል ገጠማቸው፤ በሕይወታቸው ሳሉ ወረቀታቸው ሲታተም አዩ።

ዜማን በጽሕፈት ማኖር ለአገራችን እንግዳ አይደለም። በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመነ መንግሥት፥ ከ1540 እስከ 1559 ዓመት ባለው ጊዜ፥ አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል ለድጓው ምልክት ሠሩለት፤ ባኽ ሊወለድ ከመቶ ሃያ ዓመት በላይ ሲቀረው ማለት ነው። ዛሬ መሪጌታው ከቃላቱ በላይ በቀይና በጥቍር የተጻፈውን እያየ የሚያዜመው በዚያ ነው።

በጋምቤላ ግን ሌላ ነው። እንግሊዞች በ1902 ዓመት በተደረገው ውል በባሮ ዳር የንግድ ስፍራ ካገኙ በኋላ፥ ክረምት በመጣና ወንዙ በሞላ ቍጥር ከካርቱም በመርከብ የሚመጣው ዕቃና ወደዚያ የሚሄደው ቡና በሚዛን እየተመዘነ በመዝገብ ይጻፍ ነበር። በዚያው ወንዝ ዳር አኙዋኮች ቶም የሚሉትን መሣሪያ ይጫወቱ ነበር፥ ዛሬም ይጫወቱታል። ቶም ከእንጨት የተሠራች ትንሽ ሣጥን ስትሆን በላይዋ ላይ የብረት ምላሶች ተደርድረዋል፤ ተጫዋቹ በሁለት እጁ ይዞ በአውራ ጣቶቹ ይመታታል። የኑዌር ጐልማሳም ለወይፈኑ ዘፈን ይደርሳል፤ በወይፈኑ ስም ይጠራል፥ መልኩንና ቀንዱን እያመሰገነ ይዘፍናል። ወይፈኑ ለጥሎሽ ሲቈጠር በሽማግሌ ፊት ስንት እንደሆነ ይነገራል፤ የወይፈኑ ዘፈን ግን ደራሲው ሲያረጅ ከእርሱ ጋር ያረጃል። እነዚህ ዘፈኖች የዘር ሐረግ፥ የጦርነትና የዕርቅ ታሪክ፥ የጎርፍና የረኀብ ዘመን የያዙ ናቸው።

ስለዚህ በዚህ ከተማ ለምትኖሩ ባለሥልጣኖች አንድ ነገር ለማሳሰብ እንወዳለን። ልጃችሁ ሙዚቃ ልማር ብሎ ከጠየቀ፥ ከመከልከል ይልቅ ሁለት ነገር አብሮ ይማር፤ የኤውሮፓውን ኖታ ይማር፥ የአገሩንም ሽማግሌ ያድምጥ። በአዲስ አበባ በቅዱስ ያሬድ ስም በተሰየመው የሙዚቃ ትምህርት ቤት ፒያኖና ቫዮሊን ከክራር፥ ከማሲንቆ፥ ከበገናና ከዋሽንት ጋር ጐን ለጐን ይሰጣሉ። እስከዚያው ግን በእያንዳንዱ ቤት የእጅ ስልክ አለ፤ ድምፅ ለመቅረጽ ገንዘብ አይጠይቅም። ነገር ግን ድምፁ ብቻ አይበቃም። የዘፋኙ ስም ከነአባቱ፥ መንደሩ፥ ቋንቋው፥ ዘፈኑ ለማን እንደ ተደረሰ፥ የተቀረጸበት ቀን በደብተር ይጻፍ፤ ያለዚያ እንደ ፋኒ ሶናታ በሌላ ሰው ስም ሲጠራ ይኖራል።

እኛም በቤታችን ይህን ከጀመርን ሁለት ክረምት ሆነን። በጎረቤታችን ያሉ አንድ የአኙዋክ ሽማግሌ ቅዳሜ ማታ ቶማቸውን ይዘው ይመጣሉ፤ ሴት ልጃችን በስልክ ትቀርጻለች፥ የእርሳቸው ልጅ ቃሉን በአኙዋክ ቋንቋ ይጽፋል፥ እኛ የአማርኛውን ፍቺ በጐኑ እናሰፍራለን። እስካሁን ሠላሳ አንድ ዘፈን ተጽፏል። ባለፈው ወር ሽማግሌው፥ «ይህ ደብተር የማን ነው?» ብለው ጠየቁን። መጠየቃቸው ተገቢ ስለ ሆነ ሁለተኛ ቅጂ አዘጋጅተን፥ ሁለቱንም በገጽ ቍጥር አመሳክረን፥ አንዱን ለታላቂቱ ልጃቸው አስፈርመን አስረከብን።